የቀለም ፕሮፋይል

የቀለም ፕሮፋይል ሞኒተር፣ ስካነር፣ ካሜራ ወይም ፕሪንተር ቀለምን እንዴት እንደሚያነብ ወይም እንደሚያወጣ በቁጥር የሚገልጽ የኮምፒውተር ፋይል ነው። ፋይሉ ሥዕልም ፕሮግራምም አይደለም፤ መሣሪያው የሚያውቃቸውን ቁጥሮች የሰው ዓይን ከሚያያቸው ቀለሞች ጋር የሚያገናኝ ሰንጠረዥ ነው። ሰንጠረዡን አንብበው ቀለሙን ከአንዱ መሣሪያ ወደ ሌላው የሚያሸጋግሩት የቀለም አስተዳደር ላይብረሪ የሚባሉ የሶፍትዌር ክፍሎች ናቸው። የፋይሉን መስፈርት የሚያወጣው በ1993 እ.ኤ.አ. የተመሠረተው ዓለም አቀፍ የቀለም ጥምረት ሲሆን፣ ፋይሎቹ በድርጅቱ ምኅጻረ ቃል «አይሲሲ ፕሮፋይል» ይባላሉ።

በኮምፒውተር የተዘጋጀ የመጽሐፍ ሽፋን፣ የሠርግ ጥሪ ካርድ ወይም ባነር በስክሪን ላይ በታየው ቀለም ሳይወጣ ሲቀር፣ ከዋና ዋናዎቹ ምክንያቶች አንዱ የፕሮፋይል አለመኖር ወይም የተሳሳተ ፕሮፋይል መመረጥ ነው።

ስለ ቃሉ

በአማርኛ «ቀለም» የሚለው ቃል ሁለት ነገሮችን ያመለክታል። አንደኛው ዓይን የሚያየው መልክ ነው፤ ለምሳሌ ቀይ፣ ቢጫ፣ ሰማያዊ። ሁለተኛው የሚጻፍበት ወይም የሚታተምበት ፈሳሽ ነው። በጥንቱ የብራና ጽሕፈት ሁለቱ ትርጉሞች ብዙም አይራራቁም። ቁም ጸሐፊው ጥቁሩንና ቀዩን ቀለም አዘጋጅቶ ጽሑፉን በጥቁር፣ የቅዱሳንን ስም በቀይ ይጽፋል፤ በቀለም ቀንዱ ውስጥ ያለው ቀይ በብራናው ላይ የሚታየው ቀይ ነው።

በኮምፒውተር ህትመት ግን ሁለቱ ተለያይተዋል። አንድ ሰው በስክሪን ላይ ቀይ ሲያይ በዚያ ቦታ ምንም ቀይ ፈሳሽ የለም፤ ያለው ብርሃን ነው። ፕሪንተሩ ውስጥም ብዙ ጊዜ ቀይ የሚባል ፈሳሽ የለም፤ ቀዩ የሚገኘው ሌሎች ቀለሞች ሲደራረቡ ነው። ስለዚህ ከስክሪኑ ብርሃን ወደ ፕሪንተሩ ፈሳሽ ለመሻገር ስሌት ያስፈልጋል። በዚህ ጽሑፍ «ቀለም» ዓይን የሚያየውን መልክ፣ «የማተሚያ ቀለም» ደግሞ ፈሳሹን ወይም ዱቄቱን ያመለክታል።

የፕሮፋይል አስፈላጊነት

ኮምፒውተር የአንድን ነጥብ ቀለም የሚመዘግበው በሦስት ቁጥሮች ነው፤ የቀይ፣ የአረንጓዴና የሰማያዊ ብርሃን መጠን። ይህ አሠራር አርጂቢ ይባላል። እያንዳንዱ ቁጥር ከ0 እስከ 255 ሲሆን፣ ከሦስቱ ቅንጅት 16.7 ሚሊዮን ያህል ልዩ ልዩ ቀለሞች ይገኛሉ።

ለምሳሌ 7፣ 137 እና 48 የሚሉት ሦስት ቁጥሮች አንድ ዓይነት አረንጓዴ ይሰጣሉ። የትኛውን አረንጓዴ እንደሚሰጡ ግን ቁጥሮቹ ብቻ አይናገሩም። ቁጥሮቹ ለሞኒተሩ የሚነግሩት ምን ያህል ብርሃን እንዲያወጣ ሲሆን፣ የአንዱ ሞኒተር አረንጓዴ ብርሃን ከሌላው ሞኒተር አረንጓዴ ብርሃን ጋር አንድ አይደለም። እነዚያው ቁጥሮች በአንድ ላፕቶፕ ላይ ወደ ቢጫ ያደላ፣ በሌላው ላይ ደግሞ ወደ ሰማያዊ ያደላ አረንጓዴ ሊያሳዩ ይችላሉ።

ፕሪንተር ጋር ሲደረስ ልዩነቱ ይሰፋል። ፕሪንተር የሚሠራው በአራት የማተሚያ ቀለሞች ማለትም በሲያን፣ በማጀንታ፣ በቢጫና በጥቁር ነው፤ አሠራሩ ሲኤምዋይኬ ይባላል። ሞኒተር በጨለማ ላይ ብርሃን ይጨምራል፤ የማተሚያ ቀለም ግን ከነጭ ወረቀት ላይ ከሚንጸባረቀው ብርሃን ይቀንሳል። ሦስቱን ቁጥሮች ወደ አራት ለመለወጥ የትኛው የማተሚያ ቀለም፣ በየትኛው ወረቀት ላይ፣ በየትኛው ማሽን እንደሚታተም መታወቅ አለበት። ይህን መረጃ የሚይዘው ፕሮፋይሉ ነው።

የሰንደቅ ዓላማ ምሳሌ

የኢትዮጵያ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 3 የሰንደቅ ዓላማው ቀለማት ከላይ አረንጓዴ፣ ከመሐል ቢጫ፣ ከታች ቀይ እንደሆኑና በመሐሉ ብሔራዊ ዓርማ እንደሚኖር ይደነግጋል። የዓርማው መደብ ሰማያዊ ክብ ነው። ሕገ መንግሥቱ ቀለማቱን የሚጠራው በቃል ነው፤ አንባቢም ቃሉን ሲሰማ የትኛው ቀለም እንደሆነ ያውቃል። ማሽን ግን ቁጥር ይፈልጋል፤ ቁጥሩም ትርጉም እንዲኖረው ፕሮፋይል ያስፈልገዋል።

በየዓመቱ በጥቅምት ወር የመጀመሪያ ሰኞ ለሚከበረው የሰንደቅ ዓላማ ቀን ወይም ለሌላ በዓል ሰንደቅ ዓላማ ያለበት ፖስተር በሲኤምዋይኬ ሲታተም፣ አራቱ ቀለማት እኩል አያስቸግሩም፦

ቢጫው ቀላሉ ነው። ቢጫ ራሱ ከአራቱ የማተሚያ ቀለሞች አንዱ ስለሆነ ብዙ መደራረብ አያስፈልገውም።

ቀዩ የሚገኘው ማጀንታና ቢጫ ሲደራረቡ ነው። ማጀንታው ካነሰ ወደ ብርቱካናማ፣ ቢጫው ካነሰ ወደ ጽጌረዳ መልክ ያደላል።

አረንጓዴው ከሲያንና ከቢጫ ይገኛል። በስክሪን ላይ በጣም ደምቆ የሚታይ አረንጓዴ በተለመዱት አራት የማተሚያ ቀለሞች ሊገኝ ስለማይችል በወረቀት ላይ ይደበዝዛል።

ከሁሉም የሚያስቸግረው ሰማያዊው ነው። ሰማያዊ የሚገኘው ሲያንና ማጀንታ ሲደራረቡ ሲሆን፣ ማጀንታው በትንሹም ቢበዛ ሰማያዊው ወደ ሐምራዊ ይለወጣል። የዓርማው ክብ በአንዳንድ ህትመቶች ላይ ሐምራዊ መስሎ የሚታይበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው። ትክክለኛ ፕሮፋይል ሲኖር ሶፍትዌሩ ለዚያ ማሽንና ለዚያ ወረቀት የሚስማማውን የማጀንታ መጠን አስልቶ ያወጣል።

ታሪክ

የቀለም ልኬት መሠረት የተጣለው በ1931 እ.ኤ.አ. ነው። በዚያ ዓመት ዓለም አቀፉ የመብራት ኮሚሽን (ሲአይኢ) የሰው ዓይን ቀለምን የሚያይበትን መንገድ ኤክስ፣ ዋይ እና ዜድ በተባሉ ሦስት መጠኖች የሚገልጽ ሥርዓት አወጣ። በ1976 እ.ኤ.አ. ደግሞ ይኸው ኮሚሽን በሁለት ቀለሞች መካከል ያለውን ልዩነት ለመለካት የሚመቸውን ላብ የተባለ ሥርዓት አጸደቀ። የሁለቱም ሥርዓቶች ቁጥር የሚገልጸው ዓይን የሚያየውን እንጂ ማሽኑ የሚሠራውን አይደለም።

በኢትዮጵያ ተፈሪ መኮንን በ1914 ዓ.ም. ብርሃንና ሰላም ማተሚያ ቤትን ሲያቋቁሙ፣ እንደ ሌላው ዓለም ሁሉ የህትመት ቀለም የሚስተካከለው በባለሙያው ዓይንና እጅ ነበር። ኮምፒውተር በስፋት ከመግባቱ በፊት በነበረው የኦፍሴት ሥራም ፎቶግራፍ በአራት ፊልም ተለይቶ፣ ለእያንዳንዱ የማተሚያ ቀለም አንድ አንድ ፕሌት ይዘጋጅለት ነበር። ስካነሩ የሚስተካከለው ለአንድ ለተወሰነ ማሽን ስለነበር ሥራው በአንድ ቤት ውስጥ ተጀምሮ እዚያው ይጠናቀቃል።

በ1980ዎቹ እ.ኤ.አ. በግል ኮምፒውተር ገጽ ማዘጋጀት ሲለመድ ይህ አሠራር ፈረሰ። ፎቶው በአንድ ቦታ ይነሣል፣ ገጹ በሌላ ቦታ ይዘጋጃል፣ ህትመቱ በሦስተኛ ቦታ ይከናወናል። ለእያንዳንዱ ጥንድ መሣሪያ የተለየ ማሸጋገሪያ ማዘጋጀት ደግሞ አድካሚ ሆነ፤ 4 ስካነሮችንና 6 ፕሪንተሮችን ለማገናኘት 24 ማሸጋገሪያዎች ያስፈልጋሉ። መፍትሔው እያንዳንዱ መሣሪያ ከአንድ የጋራ ቋንቋ ጋር ብቻ እንዲገናኝ ማድረግ ነበር። በዚህ መንገድ ለአሥሩ መሣሪያዎች 10 ፕሮፋይሎች ይበቃሉ፤ የጋራ ቋንቋውም የሲአይኢ ሥርዓት ነው።

አፕል ኩባንያ በ1993 እ.ኤ.አ. ከለርሲንክ የተባለውን ሥርዓት አወጣ። በዚያው ዓመት አዶቤ፣ አግፋ፣ አፕል፣ ኮዳክ፣ ማይክሮሶፍት፣ ሲሊከን ግራፊክስ፣ ሰን ማይክሮሲስተምስ እና ታሊጀንት የተባሉ ስምንት ኩባንያዎች ዓለም አቀፉን የቀለም ጥምረት መሠረቱ። በ1996 እ.ኤ.አ. ሒውሌት ፓካርድና ማይክሮሶፍት ኤስአርጂቢ የተባለውን የጋራ የቀለም መደብ አቀረቡ፤ መደቡ በ1999 እ.ኤ.አ. ዓለም አቀፍ ደረጃ ሆነ። ዛሬ ፕሮፋይል የሌለው የኢንተርኔት ሥዕል ሲያጋጥም አብዛኞቹ ፕሮግራሞች ኤስአርጂቢ እንደሆነ ይገምታሉ። የአይሲሲ ፕሮፋይል መስፈርት በ2005 እ.ኤ.አ. አይኤስኦ 15076-1 በሚል ቁጥር ዓለም አቀፍ ደረጃ ሆኖ ወጥቷል።

የፋይሉ ይዘት

የአይሲሲ ፕሮፋይል ሦስት ክፍሎች አሉት። የመጀመሪያው 128 ባይት የሆነ ራስጌ ነው። በውስጡ የፋይሉ መጠን፣ የመስፈርቱ እትም፣ የመሣሪያው ዓይነት (ማንበቢያ፣ ማሳያ ወይም ማተሚያ) እና የጋራ ቋንቋው የትኛው እንደሆነ ተመዝግቧል። ሁለተኛው ክፍል ማውጫ ሲሆን ሦስተኛው መረጃው ራሱ ነው።

ለሞኒተር የሚዘጋጅ ፕሮፋይል አብዛኛውን ጊዜ ትንሽ ነው። የሦስቱን ብርሃኖች ምንነት የሚገልጹ ዘጠኝ ቁጥሮችና የብርሃኑን አጨማመር የሚያሳዩ ሦስት መስመሮች ይበቁታል። ለዚህም በስፋት የሚታወቀው አንድ የኤስአርጂቢ ፕሮፋይል 3 ኪሎባይት ያህል ብቻ ነው። የፕሪንተር ፕሮፋይል ግን ትልቅ ነው። የማተሚያ ቀለሞች ሲደራረቡ የሚሰጡት ውጤት በቀላል ቀመር ስለማይገለጽ በብዙ ሺህ የሚቆጠሩ ነጥቦች ያሉት ሰንጠረዥ ያስፈልጋል፤ መጠኑም ከግማሽ ሜጋባይት እስከ ጥቂት ሜጋባይት ይደርሳል።

የፕሪንተር ፕሮፋይል ማሽኑ ሊያወጣው የማይችለውን ቀለም በምን እንደሚተካ የሚወስኑ አማራጮችም ይዟል። ፐርሴፕቹዋል የሚባለው አማራጭ ሁሉንም ቀለሞች በመጠኑ እያጠበበ በመካከላቸው ያለውን ዝምድና ይጠብቃል፤ ለፎቶግራፍ ይመረጣል። ሪሌቲቭ ከለሪሜትሪክ የሚባለው ሊወጡ የሚችሉትን ቀለሞች እንዳሉ ትቶ የማይወጡትን ብቻ ወደ ቅርባቸው ይለውጣል፤ ለዓርማና ለሰንደቅ ዓላማ ይስማማል። አብሶሉት ከለሪሜትሪክ የወረቀቱን ነጭነት ጭምር ለማስመሰል ስለሚሞክር ለናሙና ህትመት ያገለግላል። ሳቹሬሽን የሚባለው ደግሞ ድምቀትን ስለሚያስቀድም ለሠንጠረዥና ለቻርት ይሆናል።

ዊንዶውስ ፕሮፋይሎችን በሲስተም ፎልደሩ ውስጥ ከፕሪንተር ድራይቨሮች ጋር ያስቀምጣቸዋል። ማክ ከለርሲንክ ፕሮፋይልስ የሚባል ፎልደር አለው። ሊነክስም ለዚህ የተመደበ የጋራ ፎልደር አለው።

የሶፍትዌር ላይብረሪዎች

ፕሮፋይል በራሱ ምንም አይሠራም። ከምንጩ ፕሮፋይል ተነሥቶ ወደ ጋራ ቋንቋው፣ ከዚያም ወደ መድረሻው ፕሮፋይል የሚያሰላ ሶፍትዌር ያስፈልጋል። ይህ ስሌት በብዙ ፕሮግራሞች ውስጥ ስለሚያስፈልግ እያንዳንዱ ፕሮግራመር ከባዶ ከሚጽፈው በላይብረሪ መልክ ተዘጋጅቶ በጋራ ያገለግላል።

በነጻ ከሚገኙት ላይብረሪዎች በሰፊው የሚታወቀው ሊትል ሲኤምኤስ ነው። ስፔናዊው ማርቲ ማሪያ በ1998 እ.ኤ.አ. ያወጣው ሲሆን በሲ ቋንቋ የተጻፈ ነው። ጊምፕ፣ ክሪታ እና ስክራይበስ የተባሉት የሥዕልና የገጽ ማዘጋጃ ፕሮግራሞች፣ ፒዲኤፍን ለህትመት የሚያዘጋጀው ጎስትስክሪፕት እንዲሁም ኦፕንጄዲኬ ይጠቀሙበታል። አርጂል ሲኤምኤስ በግሬም ጊል የተሠራ የፕሮግራሞች ስብስብ ሲሆን ዋና ጥቅሙ ፕሮፋይል ለመሥራት ነው። የሙከራ ቀለሞችን ይመርጣል፣ የሚታተመውን ገጽ ያዘጋጃል፣ ከመለኪያ መሣሪያው ልኬት ይቀበላል፣ በመጨረሻም ፕሮፋይሉን ያሰላል። በሊነክስ ላይ ከለርዲ የተባለው አገልግሎት የትኛው ፕሮፋይል የየትኛው ሞኒተር ወይም ፕሪንተር እንደሆነ ይመዘግባል። በዊንዶውስና በማክ ተመሳሳይ ሥራ የሚሠሩ ላይብረሪዎች ከስርዓተ ክወናው ጋር አብረው ይመጣሉ።

ካሊብሬሽንና ፕሮፋይል መሥራት

ካሊብሬሽንና ፕሮፋይል መሥራት ብዙ ጊዜ እንደ አንድ ይቆጠራሉ፤ ሥራቸው ግን የተለያየ ነው። ካሊብሬሽን መሣሪያውን ወደታወቀና ሊደገም ወደሚችል ሁኔታ ማምጣት ነው። በሞኒተር ላይ የብርሃን መጠኑንና የነጩን መልክ ማስተካከል፣ በፕሪንተር ላይ ደግሞ የእያንዳንዱን የማተሚያ ቀለም መጠን መወሰን ማለት ነው። ፕሮፋይል መሥራት ከዚያ በኋላ የሚመጣ ሲሆን፣ የተስተካከለው መሣሪያ ምን እንደሚያወጣ ለክቶ መመዝገብ ነው። በየቀኑ ባሕርዩ ለሚለዋወጥ ማሽን የተሠራ ፕሮፋይል የትናንቱን ማሽን ይገልጻል እንጂ የዛሬውን አይገልጽም።

ለፕሪንተር ፕሮፋይል ለመሥራት በመጀመሪያ ቁጥራቸው የታወቀ ትናንሽ የቀለም አራት ማዕዘኖች ያሉበት ገጽ ያለ ምንም ፕሮፋይል ይታተማል። ለአራት ቀለም ህትመት የሚያገለግል አንድ የታወቀ መለኪያ ገጽ 1,617 አራት ማዕዘኖች አሉት። ገጹ ከደረቀ በኋላ እያንዳንዱ ስፔክትሮፎቶሜትር በተባለ መሣሪያ ይለካል። ሶፍትዌሩ የተላከውን ቁጥርና የተለካውን ቀለም አነጻጽሮ ሰንጠረዡን ይሠራል።

የወረቀቱ ዓይነት በዚህ ሥራ ወሳኝ ነው። የጋዜጣ ወረቀት ፈሳሽ ስለሚመጥ የአራቱ ቀለሞች ድምር በአንድ ቦታ ላይ ከ240 በመቶ አካባቢ እንዳያልፍ ይደረጋል። አብረቅራቂ ወረቀት ግን ከ300 በመቶ በላይ ሊሸከም ይችላል። ለአንዱ የተሠራ ፕሮፋይል ለሌላው ከዋለ ህትመቱ ይጨቀያል ወይም ይደበዝዛል።

በአዲስ አበባ የህትመት ሥራ

በአዲስ አበባ አንድ የህትመት ሥራ ከመጠናቀቁ በፊት በብዙ እጅ ሊያልፍ ይችላል። ለምሳሌ በኮልፌ ቀራንዮ ክፍለ ከተማ፣ ዓለም ባንክ አካባቢ ባለ ትንሽ ዲዛይን ቤት በላፕቶፕ የተዘጋጀ የመጽሐፍ ሽፋን በቴሌግራም ለደራሲው ይላካል፤ ደራሲው በስልኩ አይቶ ይስማማል፤ ፋይሉ ከዚያ ወደ ማተሚያ ቤት ይሄዳል። በዚህ መንገድ ላይ ቀለሙ በሦስት ቦታ ሊለወጥ ይችላል።

የመጀመሪያው ላፕቶፑ ነው። ሞኒተሩ ካሊብሬት ካልተደረገ ዲዛይነሩ የሚያርመው ፋይሉን ሳይሆን የሞኒተሩን ጉድለት ነው። ሁለተኛው መላኪያው ነው። ሥዕል በቴሌግራም እንደ ፎቶ ሲላክ ይታመቃል፤ አብሮት ያለው መረጃም ሊቀር ይችላል። እንደ ፋይል ሲላክ ግን እንዳለ ይደርሳል። ሦስተኛው ህትመቱ ላይ የሚደረገው ምርጫ ነው። ፕሮግራሙም የፕሪንተር ድራይቨሩም ቀለሙን እንዲለውጡ ከታዘዙ ለውጡ ሁለት ጊዜ ይፈጸምና ቀለሙ ይበላሻል። ስለዚህ ከሁለቱ አንዱ ብቻ እንዲሠራው ይደረጋል።

በትንንሽ ህትመት ቤቶች ሌላም ምክንያት ይጨመራል። ከፕሪንተሩ ጋር አብሮ የሚመጣው ፕሮፋይል የተሠራው አምራቹ ለሚሸጠው የማተሚያ ቀለምና ወረቀት ነው። ዋጋው ዝቅ ያለ ሌላ የማተሚያ ቀለም ሲሞላ ፕሮፋይሉ ማሽኑን መግለጹን ያቆማል። ደንበኛው «ቀለሙ ተበላሸ» ሲል ኦፕሬተሩ ፈሳሹን ይመለከታል፣ ጭንቅላቱን ያጸዳል፤ ፈሳሹ ግን ሙሉ፣ ጭንቅላቱም ንጹሕ ሊሆን ይችላል። እንዲህ ሲሆን የጎደለው አዲሱን ቅንጅት የሚገልጽ ፕሮፋይል ነው። ሥራው ሲደገም የሚባክነው ወረቀትና የማተሚያ ቀለም ወጪው የሚያርፈው በማተሚያ ቤቱ ወይም በደንበኛው ላይ ስለሆነ፣ ጉዳዩ ከውበት አልፎ የገንዘብ ጉዳይ ነው።

መለኪያ መሣሪያ በሌለበት ቦታም ጉዳቱን መቀነስ ይቻላል። ሥዕሉን ከነፕሮፋይሉ ማስቀመጥ፣ ማተሚያ ቤቱ የሚጠቀምበትን ፕሮፋይል አስቀድሞ መጠየቅ፣ የሽፋኑን ሥራ በስልክ ስክሪን ሳይሆን በእውነተኛው ወረቀት ላይ በታተመ ናሙና ማጽደቅ እና የጸደቀውን ናሙና ለማነጻጸሪያ ማስቀመጥ ከተለመዱት መንገዶች መካከል ናቸው።

የፕሮፋይል ገደብ

ፕሮፋይል ማሽኑ የማይችለውን ቀለም አይፈጥርም። አንድ ፕሪንተር ሊያወጣቸው የሚችላቸው ቀለሞች ጠቅላላ ስፋት ጋመት ይባላል፤ ፕሮፋይሉ የጋመቱን ወሰን ያሳውቃል እንጂ አያሰፋውም። ከወሰኑ ውጭ ያለ ቀለም በትክክል እንዲወጣ ከተፈለገ ለብቻው የተበጠበጠ ተጨማሪ የማተሚያ ቀለም ያስፈልጋል።

ብርሃንም ሌላው ገደብ ነው። ሁለት ህትመቶች በፀሐይ ብርሃን አንድ መስለው በክፍል መብራት ሊለያዩ ይችላሉ። በዚህ ምክንያት በህትመት ሥራ ናሙና የሚታይበት ብርሃን በዓለም አቀፍ ደረጃ ተወስኗል። የአይሲሲ ፕሮፋይሎች ጋራ ቋንቋም የተመሠረተው ዲ50 በተባለው ይኸው የብርሃን ዓይነት ላይ ነው።

በሁለት ቀለሞች መካከል ያለው ልዩነት ዴልታ ኢ በተባለ ቁጥር ይለካል። ቁጥሩ ወደ 1 ሲጠጋ ልዩነቱን ዓይን ለመለየት ይቸገራል፤ ሲጨምር ልዩነቱ ግልጽ እየሆነ ይሄዳል። በዚህ መለኪያ አማካይነት ደንበኛና ማተሚያ ቤት «ይመስላል» ወይም «አይመስልም» በሚል ከመከራከር ይልቅ አስቀድመው በተስማሙበት ቁጥር ሥራውን መረከብ ይችላሉ።